ከጥቁሩ መጋረጃ በስተጀርባ

እ.ኤ.አ. በኅዳር ወር 1786 አንዲት የ37 ዓመት ወይዘሮ ለንደን ከተማ ውስጥ፣ ኦክስፎርድ በሚባለው ጎዳና ላይ፣ በቀን በብርሃን ታፍና ተወሰደች። ያፈኗት ሰዎች መሣሪያ ይዘዋል። ሠረገላው ፊቱን ወደ ሰሜን አዙሮ ቀንና ሌሊት ጋልቦ ስትሪትላም ከሚባል ግንብ አደረሳት። የአፋኞቹ አለቃ ከሴትዮዋ የሚፈልገው ነገር አንድ ብቻ ነበር፤ ፊርማዋን። ሽጉጥ ተደገነባት፤ አልፈርምም አለች። በዚያ ብርድና በረዶ በፈረስ ጀርባ ላይ ተጭና ከመንደር ወደ መንደር ተጎተተች፤ አሁንም አልፈርምም አለች። ከስምንት ቀን በኋላ የአገሬው ሰው ተረባርቦ አስጣላት።

ግንቡ የገዛ አባቷ ርስት ነበር። አፋኙም ሽፍታ አልነበረም፤ ባሏ ነው።

ሴትዮዋ ሜሪ ኤሊነር ቦውስ ትባላለች፤ በማዕረጓ የስትራዝሞር ካውንቴስ። አባቷ በድንጋይ ከሰል የከበረ ሰው ነበርና በ11 ዓመቷ ሲሞትባት በእንግሊዝ አገር አሉ ከሚባሉት ሀብታም ወራሾች አንዷ ሆነች። የመጀመሪያ ባሏ ከሞተ በኋላ አንድሩ ስቶኒ የተባለ አየርላንዳዊ የጦር መኮንን መጣባት። ይህ ሰው የሠራው ተንኮል ለቲያትር ይበቃል። በ1777 መጀመሪያ ላይ የካውንቴሷን ስም በጋዜጣ አጥፍቷል ከተባለ አዘጋጅ ጋር «ስለ ክብሯ» ሲል ተጋጠመ፤ ቆሰለ፤ ሊሞት ነው ተባለ። የመጨረሻ ምኞቱ እሷን ማግባት እንደሆነ መልእክት ሲደርሳት፣ ለሚሞት ሰው ምን ይከፋል ብላ ሳይሆን አይቀርም፣ እሺ አለች። ሙሽራው በቃሬዛ ተይዞ ቤተ ክርስቲያን ገባ። ግጥሚያው አስቀድሞ የተዶለተ ነበርና ከሠርጉ በኋላ ብዙም ሳይቆይ ሙሽራው ድኖ ተነሣ።

ካውንቴሷ ግን ከሠርጉ ጥቂት ቀናት በፊት አንድ ብልህ ነገር አድርጋ ነበር። ሀብቷ በባለአደራዎች እጅ እንዲቆይና ባል የሚሆነው ሰው እንዳይነካው የሚያደርግ ውል ፈርማለች። ስቶኒ ይህን ሲያውቅ ዝም አላለም፤ በጥቂት ወራት ውስጥ የውሉን ማፍረሻ አስገድዶ አስፈረማት። ከዚያ በኋላ ያሉት ስምንት ዓመታት የዱላና የእስር ዓመታት ናቸው። በ1785 በገረዶቿ እርዳታ አምልጣ የፍቺ ክስ መሠረተች። ጠለፋውም ክሱን እንድታነሣ ለማስገደድ የተደረገ ነው። በ1788 የመጀመሪያው ውሏ እንዲጸና ተፈረደላት፤ በ1789 ፍቺው ጸደቀ። ሰውየው ቀሪ ዕድሜውን በእስረኛነት ገፍቶ በ1810 ሞተ። ታኬሬይ የተባለው ደራሲ «ባሪ ሊንደን» የተሰኘውን ልብ ወለዱን የጻፈው የዚህን ሰው ሕይወት መነሻ አድርጎ ስለሆነ፣ ስታንሊ ኩብሪክ በ1975 የሠራውን ፊልም ያየ አንባቢ ሰውየውን በመጠኑም ቢሆን ያውቀዋል።

ይህን ሁሉ ማውጋቴ ያለ ምክንያት አይደለም። ስለ ጎቲክ ልብ ወለድ በተነሣ ቁጥር የሚወራው ስለ ሙት መንፈሱ፣ ስለ ጨረቃዋ፣ በሌሊት ሲጢጥ ስለሚለው በር ነው። እኔ ግን በ18ኛውና በ19ኛው ምዕተ ዓመት እንግሊዛውያን ሴቶች የጻፏቸውን የዚህ ዓይነት መጻሕፍት ባነበብኩ ቁጥር ዓይኔ የሚያርፈው ሌላ ነገር ላይ ነው፤ ወረቀት ላይ። ኑዛዜ፣ የጋብቻ ውል፣ የርስት ማስረጃ፣ ያልተፈረመ ሰነድ። ሴቲቱን ግንብ ውስጥ የሚያስቆልፍባት መንፈስ አይደለም፤ እጇ ላይ ያለችው ፊርማ ናት። (በዚህ ጽሑፍ ውስጥ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

«ጎቲክ» የሚለው ቃል የመጣው የሮማን መንግሥት ካፈራረሱት የጀርመን ነገዶች፣ ከጎቶች ስም ነው። ኋላ ላይ የተነሡ ሊቃውንት በመካከለኛው ዘመን የተሠሩትን ባለ ሹል ቅስት አብያተ ክርስቲያናት ለማንቋሸሽ «የጎቶች ሥራ» አሏቸው። በ18ኛው ምዕተ ዓመት እንግሊዝ ውስጥ ደግሞ ቃሉ ያረጀ፣ የጨለመ፣ ያልሠለጠነ ለማለት ያገለግል ነበር። ሆራስ ዋልፖል የተባለ የጠቅላይ ሚኒስትር ልጅ በ1764 መጨረሻ ላይ «የኦትራንቶ ግንብ» የሚል መጽሐፍ አሳተመ፤ መጀመሪያ ከጥንት የጣሊያንኛ ጽሑፍ የተተረጎመ ነው ብሎ ዋሸ፤ በዓመቱ ሁለተኛው እትም ሲወጣ ግን የራሱ ድርሰት መሆኑን አምኖ «ጎቲክ ታሪክ» የሚል ንዑስ ርእስ ጨመረበት። የዘውጉ ስም የመጣው ከዚህ ነው። በዋልፖል መጽሐፍ ውስጥ አንድ ግዙፍ የራስ ቁር ከሰማይ ወድቆ ሙሽራውን በሠርጉ ዕለት ይጨፈልቀዋል። ክላራ ሪቭ የተባለች ደራሲ በ1778 «አሮጌው የእንግሊዝ ባሮን» ለተባለው ልብ ወለዷ በጻፈችው መቅድም ላይ ይህን አካሄድ ተችታለች፤ ሐሳቧ በአጭሩ፣ ቁሩ ትንሽ አነስ ቢል ኖሮ አንባቢው ይፈራ ነበር፣ ከልክ ሲያልፍ ግን ይስቃል የሚል ነው። እኔም ያነበብኩ ጊዜ ስቄያለሁ።

ሴቶቹ ወደዚህ ዘውግ የገቡት ብዙ ሆነው ነው፤ አንባቢዎቹም በብዛት ሴቶች ነበሩ። መጽሐፍ በጣም ውድ ስለነበረ ብዙው ሰው የሚያነበው ከመጽሐፍ አከራይ ቤቶች እየተዋሰ ነው። በኪራይ መጽሐፍ ያደገ የአዲስ አበባ አንባቢ ይህን ለመረዳት አይቸገርም፤ ነገ ጠዋት የሚመለስ መጽሐፍ ሌሊቱን አያስተኛም።

እዚህ ላይ ስለ ሕጉ ጥቂት ማለት ግድ ነው። ያለዚያ የሚከተለው ሁሉ ተረት ይሆንብናል።

ዋልፖል ሁለተኛውን እትም ባወጣበት በ1765 ዊልያም ብላክስቶን የተባለው የሕግ ሊቅ ስለ እንግሊዝ ሕግ የጻፈውን ትልቅ ሐተታ የመጀመሪያ ቅጽ አሳተመ። ብላክስቶን እንደሚያስረዳው ባልና ሚስት በሕግ ፊት አንድ ሰው ናቸው፤ በጋብቻው ዘመን የሚስቲቱ ሕጋዊ ህልውና ታግዶ በባሏ ውስጥ ይጠቃለላል። ነገሩ በተግባር ሲታይ እንዲህ ነው። ያገባች ሴት ጥሬ ገንዘቧ፣ ጌጧ፣ የቤት ዕቃዋ፣ ሠርታ የምታገኘውም ሁሉ የባሏ ነው። በራሷ ስም መዋዋልም ሆነ መክሰስ አትችልም። ልጆቹም የአባት ናቸው። መሬት ብቻ ትንሽ ይለያል፤ የመሬቷን ገቢ ባል ይበላል፣ መሬቱን ለመሸጥ ግን የእሷ ፈቃድ ያስፈልገዋል። ሀብታም ቤተሰቦች ደግሞ ለልጃቸው በባለአደራዎች የሚያዝ የተለየ ንብረት በውል ያስቀምጡላት ነበር። ያንን ለመንካት ባል ምን ያስፈልገዋል? የሚስቱ ፊርማ።

እንግዲህ አንዲት ሴት በሕግ ፊት ከሰው የምትቆጠርባት ብቸኛዋ ቅጽበት አንድ ነገር ፈርሚ ተብላ የምትጠየቅባት ቅጽበት ነበረች ማለት ይቻላል። ከተጋነነ ይቅርታ፤ ብዙ ግን የተጋነነ አይመስለኝም።

ሻርሎት ስሚዝ ይህን ከማንም በላይ ታውቅ ነበር። በ1749 የተወለደችው ይህች ሴት በ15 ዓመቷ ለአንድ ነጋዴ ልጅ ተዳረች፤ ራሷም በኋላ እንደ ተሸጠች አድርጋ ትናገረው ነበር። ባሏ አባካኝ ስለነበረ በዕዳ ታሰረ፤ እሷም አብራው እስር ቤት ተቀመጠች፤ በ1784 የመጀመሪያ ግጥሞቿን ያሳተመችውም በዚያው ሰሞን ነው። ብዙ ልጆች ነበሯት። በ1787 ከባሏ ብትለይም በሕግ አልተፋታችምና በብዕሯ የምታገኘው ገንዘብ አሁንም የእሱ ነበር፤ እየመጣ ይወስድባት ነበር። አማቷ ለልጅ ልጆቻቸው ሀብት እንዲደርስ ብለው የጻፉት ኑዛዜ ደግሞ ውስብስብ ሆኖ ፍርድ ቤት ገባ፤ ክርክሩ እሷ በ1806 ከሞተች በኋላ፣ በ1813 ነው የተቋጨው። ይህች ሴት በ1788 «ኤመሊን፣ የግንቡ ወላጅ አልባ» የሚል ልብ ወለድ ጻፈች። ዲቃላ ናት ተብላ የተናቀችው ኤመሊን መጨረሻ ላይ የወላጆቿን ጋብቻ የሚያረጋግጡ ወረቀቶች አግኝታ ያደገችበት ግንብ የራሷ ይሆናል። ለልጆቿ ወረቀት ስትጠብቅ ዕድሜዋን የጨረሰች ሴት ለጀግናዋ ወረቀቱን በመጽሐፍ ሰጠቻት።

አሁን ወደ ዋናዋ ሴት እንምጣ።

አን ራድክሊፍ በ1764፣ የዋልፖል መጽሐፍ በታተመበት ዓመት፣ ለንደን ውስጥ ተወለደች። አባቷ ነጋዴ ነበር። ባሏ ዊልያም ራድክሊፍ ጋዜጠኛ ስለነበረ ማታ ማታ አምሽቶ ይገባል፤ እሷ እሳት ዳር ተቀምጣ ትጽፋለች፤ ሲመጣ ያን ዕለት የጻፈችውን ያነበዋል። ልጅ አልነበራቸውም። ስለ ቤት ሕይወቷ የሚታወቀው ከዚህ ብዙም አያልፍም። የካውንቴስ ቦውስ ጠለፋ የአገሩ ሁሉ መነጋገሪያ በሆነበት ጊዜ ራድክሊፍ 22 ዓመቷ ነበር፤ በሚቀጥለው ዓመት አገባች፤ ከዚያ በ1789 የመጀመሪያ መጽሐፏን አወጣች። በ1794 የታተመው «የኡዶልፎ ምስጢራት» 500 ፓውንድ አስገኘላት። በ1797 «ጣሊያናዊው» 800 ፓውንድ ተከፈለበት። ይህ በዚያ ዘመን ለአንድ ልብ ወለድ የማይታሰብ ገንዘብ ነው። (በሕጉ መሠረት ገንዘቡ የጋዜጠኛው ነበር፤ ለዊልያም ክብር ሲባል ግን ሚስቱን የሚያበረታታ ደግ ባል እንደነበር መናገር ይገባል።) ስለ ጣሊያን ተራሮች ያን ሁሉ ገጽ የጻፈችው ራድክሊፍ ጣሊያንን በዓይኗ አይታ አታውቅም። ከሥዕልና ከመንገደኞች መጻሕፍት ነው የቀዳችው።

የ«ኡዶልፎ» ታሪክ እንዲህ ነው። ዘመኑ 1584፣ አገሩ ፈረንሳይ። ኤሚሊ የተባለች ወጣት አባትና እናቷ ይሞቱባትና ለአክስቷ አደራ ትሰጣለች። አክስቷ ከንቱ ውዳሴ የምትወድ ሀብታም መበለት ናት፤ ሞንቶኒ የተባለውን ጣሊያናዊ መልከ መልካም ታገባለች። ሞንቶኒ ሀብታም መስሏት ነበር፤ እሱም እሷን ካላት በላይ ሀብታም አድርጎ ገምቷታል። ሁለቱም ተሸዋወዱ። ከዚያ ሁለቱን ሴቶች ይዞ በተራራ ላይ ወዳለው ወደ ኡዶልፎ ግንብ ይሄዳል።

ግንቡ ውስጥ ምን አለ? የማይዘጋ በር፣ ከግድግዳ ውስጥ የሚሰማ ዜማ፣ ሌሊት የሚዞር ጥላ፣ አንድ ክፍል ውስጥ ደግሞ በጥቁር መጋረጃ የተሸፈነ ነገር አለ። ኤሚሊ አንድ ቀን መጋረጃውን ገልጣ ታያለች። ያየችውን አይታ እዚያው ራሷን ስታ ትወድቃለች። ራድክሊፍ ግን ኤሚሊ ምን እንዳየች ለአንባቢ አትነግረውም። ይህ የሚሆነው በሁለተኛው ቅጽ ነው። መልሱ የሚገኘው በአራተኛው ቅጽ፣ መጨረሻው ላይ ነው።

እስከዚያው ድረስ ግንቡ ውስጥ በእውነት የሚከናወነው ነገር ሌላ ነው። አክስትየዋ በፈረንሳይ ያላትን ርስት በስሟ አስቀርታለች። ሞንቶኒ ፈርሚ ይላታል። እምቢ ትላለች። ወደ አንዱ የግንብ ማማ አስወስዶ ይቆልፍባታል። ታማ፣ ተርባ፣ ሳትፈርም ትሞታለች። ርስቱ ለኤሚሊ ይተላለፋል፤ ያው ወረቀት አሁን ለኤሚሊ ይቀርባል። በመጀመሪያ እምቢ ትላለች፤ ኋላ ነፃ ሊለቃት ቃል ሲገባላት ትፈርማለች፤ እሱም ቃሉን ያጥፋል። አንባቢ መንፈስ ሲጠብቅ የሚያገኘው የርስት ክርክር ነው። እኔ መጽሐፉን ሳነብ ከመንፈሱ ሁሉ ይልቅ ያስፈራኝ ሞንቶኒ በለሰለሰ ድምፅ ስለ ሕግ የሚያወራበት ቦታ ነበር።

ራድክሊፍ ምስጢሮቿን ሁሉ በመጨረሻ ትፈታለች። ዜማው የሰው ዜማ ነው፣ ጥላው የሰው ጥላ ነው። ዋልተር ስኮትን ጨምሮ ብዙ ሐያስያን በዚህ አልተደሰቱም፤ አንባቢ እንደ ተታለለ ይሰማዋል አሉ። አቤቱታቸው ሐሰት አይደለም። ከጥቁሩ መጋረጃ በስተጀርባ የነበረውም ሬሳ ሳይሆን ከሰም የተሠራ የሬሳ ምስል ሆኖ ሲገኝ፣ ያን ሁሉ ገጽ ሲጠብቅ የኖረ ሰው «በዚህ ነው እንዴ?» ማለቱ አይቀርም።

ነገር ግን እስቲ ያንን ገጽ ቀስ ብለን እናንብበው። የሰሙ ምስል እዚያ እንዴት ሊመጣ ቻለ? ከኡዶልፎ የቀድሞ ጌቶች አንዱ ቤተ ክርስቲያንን በመበደሉ ንስሐ ይሆነው ዘንድ በየቀኑ የሚበሰብስ ገላ ምስል እንዲመለከት ተፈረደበት። እሱም ይህን ምስል ወራሾቹ እንዲጠብቁት በኑዛዜው አዘዘ፤ ካልጠበቁት ከርስቱ የተወሰነው ክፍል ለቤተ ክርስቲያን ይተላለፋል። ስለዚህ ዘሮቹ ምስሉን ሊጥሉት አልደፈሩም፤ ሸፈኑት። ራድክሊፍ የአራት ቅጽ ፍርሃት የሸፈነችበት መጋረጃ ሲገለጥ ከጀርባው የተገኘው የኑዛዜ አንቀጽ ነው። ሐያስያኑ የሰሙን አሻንጉሊት አይተው ተናደዱ፤ ወረቀቱን ግን ያየው ጥቂት ሰው ነው።

ራድክሊፍ ከሞተች በኋላ በ1826 በታተመ ጽሑፏ ላይ ፍርሃትንና ዘግናኝ ነገርን ትለያቸዋለች። ያልታየው የሚያስፈራን ነፍሳችንን ይዘረጋል፣ ንቁ ያደርገናል፤ ፊት ለፊት የሚታየው ዘግናኝ ነገር ግን ያደርቀናል፣ ያቀዘቅዘናል ባይ ናት። ልዩነቱን ማቲው ሉዊስ በ1796 ካሳተመው «መነኩሴው» ከተባለው መጽሐፍ ጋር በማነጻጸር ማየት ይቻላል። ሉዊስ ዘንድ ሰይጣን ራሱ ይመጣል፣ ደም ይፈሳል፣ ሬሳ ይበሰብሳል። የራድክሊፍ ሴቶች የሚፈሩት ሰይጣንን አይደለም፤ የቤቱን አባወራ ነው።

ግንቡን ከጣሊያን ተራራ አውርዳ ለንደን አጠገብ ያቆመችው ሜሪ ዎልስቶንክራፍት ናት። በ1792 ስለ ሴቶች መብት የጻፈችው መጽሐፍ ስሟን አስጠርቶታል። ሳትጨርሰው የሞተችበትና ባሏ ዊልያም ጎድዊን በ1798 ያሳተመው «ማሪያ» የተባለው ልብ ወለድ ግን ያን ያህል አይነበብም። የማሪያ ግንብ የግል የእብዶች ቤት ነው። ባሏ ጤነኛዋን ሚስቱን እዚያ ያስገባት አጎቷ ለሕፃን ልጇ የተወውን ሀብት ለመውሰድ ነው። ይህ የደራሲዋ ፈጠራ ብቻ አይደለም፤ ጤነኛ ሰዎች በግል የእብዶች ቤት እየተዘጋባቸው ነው የሚለው ስሞታ በመብዛቱ የእንግሊዝ ፓርላማ በ1763 ምርመራ አካሂዷል፤ በ1774 መቆጣጠሪያ ሕግ አውጥቷል። ዎልስቶንክራፍት በልብ ወለዱ መግቢያ ላይ የተረት ግንቦችን ታነሣና ከማሪያ ማረፊያ ጋር ሲነጻጸሩ ምንም እንዳልሆኑ ትነግረናለች።

ጄን ኦስተን በዚህ ሁሉ ላይ ሳቀች ይባላል። «ኖርዛንገር አቢ» የተባለው ልብ ወለዷ ጀግና ካትሪን የራድክሊፍን መጽሐፍ አንብባ የጠገበች ልጅ ናት፤ የእንግዳ ማረፊያ ክፍሏ ውስጥ አሮጌ ቁምሳጥን ከፍታ የተጠቀለለ ወረቀት ስታገኝ ልቧ ሊፈነዳ ይደርሳል። ሲነጋ ብታየው የልብስ አጣቢ ሒሳብ ነው። የቤቱ ጌታ ጄኔራል ቲልኒ ሚስቱን ገድሏል ብላ ትጠረጥራለች፤ አልገደለም። በዚህ ሳቅ ብዙ ሰው ያቆማል። ልብ ወለዱ ግን አያቆምም። ጄኔራሉ ካትሪን እንዳሰበው ሀብታም አለመሆኗን በሰማ ጊዜ ያችን ወጣት ልጅ ያለ አጃቢና ያለ በቂ ገንዘብ በማለዳ ከቤቱ ያባርራታል። ሰው ባይገድልም ልጅቷ ስለ እሱ የተሰማት ፍርሃት ከሞላ ጎደል ልክ ነበር። ኦስተን የሳቀችው በመንፈሱ ነው እንጂ በሒሳቡ አይደለም።

የመጽሐፉ ዕጣም ራሱን የቻለ ታሪክ ነው። በ1803 አንድ አሳታሚ በ10 ፓውንድ ገዛው፤ ሳያትም አስቀመጠው። በ1809 ደራሲዋ በሐሰት ስም ጽፋ ስትጠይቅ፣ ከፈለግሽ በከፈልንበት ዋጋ መልሰሽ ግዢው ተባለች። መልሶ የተገዛው በ1816 ነው፤ የታተመው እሷ በሞተችበት በ1817 መጨረሻ ላይ ነው።

ሜሪ ሼሊን መዝለል አይቻልም፤ ነገር ግን «ፍራንከንስታይን» በእኔ ወረቀት ውስጥ በደንብ እንደማይጠቀለል አልሸሽግም። እዚያ ግንብ የለም፣ የታሰረች ሴት የለችም፣ ፊርማ የለም። ዎልስቶንክራፍት እሷን ወልዳ በ11ኛው ቀን ሞተች። ሜሪ ራሷ በ17 ዓመቷ የወለደችው ሕፃን ሞቶባታል። በ1816 ክረምት ጄኔቫ ሐይቅ አጠገብ፣ ባይረን የመንፈስ ታሪክ እንጻፍ ብሎ ሐሳብ ባቀረበበት ቤት፣ የ18 ዓመቷ ሜሪ የጀመረችው ታሪክ ስለ አንድ ወልዶ ስለሚሸሽ ሰው ነው። ፍጡሩ ስም እንኳ አልተሰጠውም፤ ዛሬ ብዙ ሰው በፈጣሪው ስም ፍራንከንስታይን ይለዋል። መጽሐፉም በጥር 1818 ሲወጣ የደራሲ ስም አልነበረበትም። መቅድሙን የጻፈው ባሏ ስለነበረ ብዙዎች የእሱ ሥራ አድርገው ገመቱት። ስሟ የወጣው በ1823 እትም ላይ ነው። ባሏ ፐርሲ በ1822 ባሕር ውስጥ ሰጥሞ ሲሞት አማቷ ሰር ቲሞቲ ለልጅ ልጃቸው ማሳደጊያ የሚሰጡት ገንዘብ፣ እሷ የባሏን የሕይወት ታሪክ እንዳታሳትም በሚል ቅድመ ሁኔታ የታሰረ ነበር። ወረቀቱ መጽሐፉ ውስጥ ባይገባም ደራሲዋን አልለቀቃትም።

የብሮንቴ እኅትማማቾች ሁለት መጻሕፍት በ1847 መጨረሻ በወራት ልዩነት ታተሙ፤ ሁለቱም የወንድ በሚመስሉ የብዕር ስሞች። የኤሚሊን «ዉዘሪንግ ሃይትስ» ያነበበ ሰው የማይረሳው መስኮቱን የሚያንኳኳውን የሙት ልጅ እጅ ነው። ከመጽሐፉ እኩሌታ በኋላ ግን ሂዝክሊፍ ምን እንደሚሠራ ልብ በሉ። የሚወዳትን ሴት ልጅ ትንሿን ካተሪን ቤቱ ውስጥ ቆልፎ ሊሞት የተቃረበ ልጁን እንድታገባ ያስገድዳታል፤ ባገባች ቅጽበት ያላት ሁሉ የባሏ ይሆናል፤ ባሏም ንብረቱን ለአባቱ ይናዘዛል። የልጅቷ አባት በሞት አልጋ ላይ ሆኖ ሀብቷን በባለአደራ ለማስያዝ ጠበቃ ይጠራል፤ ጠበቃው በሂዝክሊፍ ተገዝቷልና ሆን ብሎ ይዘገያል። ሰውየው ይሞታል፤ ጠበቃው ከዚያ በኋላ ይደርሳል። በ1926 ሳንገር የተባለ የሕግ ባለሙያ መጽሐፉን ከዘመኑ የርስትና የውርስ ሕግ ጋር አስተያይቶ፣ ኤሚሊ ብሮንቴ ሕጉን በሚያስደንቅ ትክክለኛነት እንደምታውቅ ጽፏል። በዮርክሻየር ኮረብታ ላይ ባለ የቄስ ቤት ውስጥ ዕድሜዋን የገፋችና በ30 ዓመቷ የሞተች ሴት ይህን ሁሉ እንዴት አወቀችው ብለው የሚገረሙ አሉ። እኔ ብዙም አይገርመኝም። ከብት ስለ ልጓም ያውቃል።

የሻርሎት «ጄን ኤር» ላይ ደግሞ ሦስተኛ ፎቅ ላይ የተቆለፈችው እብዷ በርታ አለች። ሮቸስተር ያገባት ከ30 ሺህ ፓውንድ ጋር ነው፤ አባቱ ርስቱን ለሁለት ላለመክፈል ሲል ሁለተኛ ልጁን ለሀብታም ዳረው። በዚያ ዘመን ፍቺ በፓርላማ ልዩ ውሳኔ ካልሆነ አይገኝም፤ እብደትም ለፍቺ ምክንያት አይሆንም። ገንዘቡ ቀረ፤ ሴቲቱ ተቆለፈች። ከራድክሊፍ ዘመን የተለወጠው ነገር ይህ ነው፤ ጄን የምትወደው ሰው የወህኒ ጠባቂው ራሱ ነው፤ አንባቢም አብሯት ይወደዋል። ለበርታ ድምፅ የሰጠቻት ከዶሚኒካ ደሴት የመጣችው ጂን ሪስ ናት፤ በ1966 ባሳተመችው «ሰፊው የሳርጋሶ ባሕር»፤ እዚያም ሀብቷ ያለ ምንም ውል ለባሏ መተላለፉ የነገሩ ሁሉ መነሻ ነው።

ጄን ኤር ከአጎቷ 20 ሺህ ፓውንድ ወርሳ ከአክስቷ ልጆች ጋር ለአራት ትካፈለዋለች፤ ከዚያ የራሴ ጌታ ነኝ ብላ ወደ ሮቸስተር ትመለሳለች። ታገባዋለች። በሕጉ መሠረት 5 ሺህ ፓውንዷ በሠርጉ ዕለት የሮቸስተር ሆነ። ሻርሎት ይህን በመጽሐፉ ውስጥ አታነሣውም። ነገር ግን በ1854 ራሷ ልታገባ ስትል፣ ከሠርጉ ጥቂት ሳምንታት ቀደም ብላ፣ በብዕሯ ያገኘችው ገንዘብ በባለአደራ እጅ እንዲቆይ የሚያደርግ የጋብቻ ውል ፈረመች። ካውንቴስ ቦውስ ከ77 ዓመት በፊት የፈረመችው ዓይነት ወረቀት ነው። ሻርሎት የገጠማት ግን ስቶኒ አልነበረም፤ ባሏ መልካም ሰው ነበርና በሚቀጥለው ዓመት ከመሞቷ በፊት በኑዛዜዋ ሁሉን ለእሱ ተወችለት።

በአትላንቲክ ማዶ ደግሞ ሻርሎት ፐርኪንስ ጊልማን የተባለች አሜሪካዊት በ1892 «ቢጫው የግድግዳ ወረቀት» የተሰኘ አጭር ልብ ወለድ አሳተመች። ደራሲዋ ከወለደች በኋላ በደረሰባት የመንፈስ ጭንቀት በ1887 ሚቸል ወደተባለ ስመ ጥር ሐኪም ሄዳ ነበር፤ ሐኪሙ ተኚ፣ ብዕር አትንኪ አላት። በታሪኩ ውስጥ ባልየው ሐኪም ነው፤ ሚስቱን ይወዳታል፤ ለጤናዋ ብሎ መስኮቱ ፍርግርግ ባለው የላይኛው ፎቅ ክፍል ያስተኛታል። ሀብት የሚቀማ የለም፣ ፈርሚ የሚል የለም። ወረቀቱ ግን አለ። በዚህ ጊዜ ግድግዳው ላይ ተለጥፏል፤ ሴቲቱም ከሥዕሉ በስተጀርባ ሌላ ሴት ስትድህ ታያለች።

ወደ ራድክሊፍ ልመለስና ላብቃ። በ1797 በ33 ዓመቷ ገደማ፣ ዝናዋ ጫፍ በደረሰበት ሰዓት ማሳተም አቆመች። ለምን እንዳቆመች አልተናገረችም። ሰው ግን ዝምታን አይወድም፤ ገና በሕይወት ሳለች የፈጠረቻቸው መናፍስት አሳበዷት፣ እብዶች ቤት ተዘግቶባታል የሚል ወሬ ተነዛ። በ1823 ቤቷ ውስጥ በሰላም አረፈች። ከሦስት ዓመት በኋላ በወጣው የሕይወት ታሪኳ ላይ አእምሮዋ ጤነኛ እንደነበር የሚያረጋግጥ የሐኪም ቃል ማስገባት አስፈልጎ ነበር። ያገቡ ሴቶች ሀብታቸውን በራሳቸው ስም እንዲይዙ የፈቀደው የእንግሊዝ ሕግ በ1882 ጸድቆ ሥራ ላይ የዋለው በጥር 1883 ነው። በዚያው ዓመት ገጣሚዋ ክሪስቲና ሮዜቲ የራድክሊፍን የሕይወት ታሪክ ልትጽፍ ተነሥታ ነበር። ብታፈላልግ ለመጽሐፍ የሚበቃ ወረቀት አላገኘችም፤ ተወችው።